ለችግኝ ጉድጓድ ሲባል ቆንጥሩ አይመንጠር

ይድረስ ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል
ከድሬዳዋ

ክረምት በመጣ ቁጥር በድሬዳዋ ዙሪያ ባለው አሸዋማ ሜዳ ላይ አንድ ስሕተት ይደገማል። የተከላው ቦታ ይዘጋጅ ሲባል በቅድሚያ ገጀራና ዶማ ይገባና እዚያው የበቀለው እሾሃማ ቁጥቋጦ ይመነጠራል። ቀጥሎ በጸዳው መሬት ላይ ጉድጓድ ተቆፍሮ ከጣቢያ የመጣ ችግኝ ይተከላል። በጥር ወር ቦታውን ተመልሶ ያየ ሰው የሚጠብቀው ባዶ ጉድጓድ፣ የደረቀ ጭራሮና ነፋስ የሚያንከባልለው አሸዋ ነው። ቁጥቋጦውም የለ፣ ችግኙም የለ። ከዘንድሮው ተከላ በፊት ይህ ነገር እንዲታሰብበት አጥብቀን እንጠይቃለን፤ ምን መደረግ እንዳለበትም በዝርዝር እንጽፋለን።

ስለየትኛው ቁጥቋጦ እንደምናወራ ግልጽ ይሁን። በአማርኛ «ቆንጥር» ብለን የምንጠራው አንድ ተክል ብቻ አይደለም፤ ልብስ የሚይዝ ቆልማማ እሾህ ያለውን ቁጥቋጦ ሁሉ በዚሁ ስም እንጠራለን። እሾሁን ጠጋ ብሎ ያየ ግን ይለያቸዋል። እሾሁ ሦስት ሦስት ሆኖ ቅጠሉ ከሚወጣበት አንጓ ሥር ከተቀመጠ፣ መካከለኛው ወደ ታች እንደ ድመት ጥፍር ከታጠፈ፣ ሁለቱ የጎን ደግሞ ወደ ላይ ከቀና፣ እሱ ሙጫ የሚሰጠው አካሻ ሴኔጋል ነው («አካሻ» የግራር ወገን የቆየ ሳይንሳዊ ስም ነው)፤ ሶማሊዎች አዳድ ይሉታል። ቆልማማው እሾህ ሁለት ሁለት ከሆነና ቅጠሉ ጥቂት ብቻ ሰፋ ያለ ቅንጣት ካለው አካሻ ሜሊፌራ ነው፤ ንብ አናቢዎች አበባውን አጥብቀው ይፈልጉታል። ረጅም ነጭ ቀጥ ያለ እሾህና አጭር ቆልማማ እሾህ በአንድ ቅርንጫፍ ላይ ተቀላቅለው ከተገኙ፣ ፍሬውም እንደ ጸጉር ከተጠቀለለ፣ ጥላው እንደ ጃንጥላ የሚዘረጋው ደወኒ ግራር ነው። ሦስቱም በመልካ ጀብዱ በኩልም ሆነ ወደ ሽንሌ ሲወረድ ባለው ደረቅ ሜዳ የሚስማማቸው ናቸው።

ከነፋስ በኋላ ከአንድ ቆንጥር ሥር ቁጢጥ ብሎ መመልከት ብዙ ያስተምራል። ነፋሱ ከሚመጣበት በተቃራኒ በኩል አሸዋው እንደ ጅራት ረዝሞ ተቆልሏል። ከቅርንጫፎቹ ሥር ያለው አፈር ከዳር ካለው ይልቅ ጠቆር ያለ ነው፤ የረገፈ ቅጠል፣ የፍየል በጠጥ፣ ነፋስ ያመጣው የሣር ዘር እዚያ ተጠራቅሟል። ፍየል አፏን ማስገባት ያቃታት ሣር በእሾሁ መካከል አብቦ ይታያል። ሁለት እርምጃ ወጣ ሲሉ መሬቱ ራቁቱን ነው። ቁጥቋጦው ሲመነጠር የሚጠፋው እንጨቱ ብቻ አይደለም፤ በዓመታት የተጠራቀመችው ያቺ ጥቁር አፈር በአንድ የበጋ ነፋስ ትሄዳለች። በላይዋ የሚተከለው ችግኝም የሚያገኘው ንጹህ አሸዋ ነው።

ስለዚህ የመጀመሪያው ሥራ ያለውን መጠበቅ ነው። ተቆርጦ ጉቶው የቀረ ቆንጥር ብዙውን ጊዜ ከሥሩ ያቆጠቁጣል። ከጉቶው ከሚወጡት ቡቃያዎች ጠንካራና ቀጥ ያሉትን ሁለት ወይም ሦስት መርጦ ሌላውን በስለታም መቁረጫ ከሥሩ ማንሳት ነው። የቀሩት የተቆረጡትን ምግብ ወስደው በፍጥነት ያድጋሉ። በቆመው ቁጥቋጦ ላይ ደግሞ ከቁመቱ ከሲሶው በላይ ቅርንጫፍ መመልመል አይገባም፤ የታችኛው ቅርንጫፍ ነው አሸዋውን የሚይዘው። የተመለመለው ቅርንጫፍ እዚያው ለአጥር ይዋል። ቦታው ከፍየልና ከግመል ንክኪ ነጻ ሆኖ ሁለት ሦስት ክረምት ካለፈበት ከማንኛውም ተከላ የተሻለ ውጤት የሚታየው በዚህ መንገድ ነው፤ ወጪውም የጥበቃ ብቻ ነው።

ቆንጥር ሁሉ ይብዛ ማለታችን ግን አይደለም። አካሻ ሜሊፌራ በተለይ ግጦሽ በበዛበት መሬት ላይ ተጠላልፎ ሲያድግ ከብት የማያስገባ ጫካ ይሆናል፤ አርብቶ አደሩ የሚያማርረው በከንቱ አይደለም። እንዲህ ባለው ቦታ መፍትሔው ማሳሳት ነው። በቁጥቋጦዎቹ መካከል ከብት የሚያልፍበትና ሣር የሚበቅልበት ክፍተት እየተዉ ትልልቁን ማቆየት፣ ትንንሹን ማንሳት ይገባል። ሙሉ በሙሉ መመንጠር ግን ሣሩንም ይዞ ይሄዳል።

አሁን ወደ ስሙ እንመለስ፣ ምክንያቱም ብዙ ጥፋት የሚጀምረው ከስም ነው። በችግኝ ጣቢያ መዝገብ ላይ «አካሻ» ብቻ ተብሎ ይጻፋል። በዚህ ስም የሚመጣው ችግኝ አንዳንዴ አካሻ ሳሊግና ነው። ሳሊግና የአውስትራሊያ ተወላጅ ሲሆን አገሩ ዝናቡ በክረምት ብርድ ወቅት የሚጥልበት የደቡብ ምዕራብ ጠረፍ ነው። እሾህ የለውም፤ ቅጠል የሚመስለው ረጅሙ ነገርም የተስፋፋ የቅጠል ዘንግ እንጂ እንደኛ ግራር በቅንጣት የተከፋፈለ ቅጠል አይደለም። አበባው ድቡልቡል ቢጫ ነው። ቶሎ ያድጋል፣ ለማገዶና ለመኖ ይጠቅማል፤ ዕድሜው ግን አጭር ነው። በደቡብ አፍሪካ ከተተከለበት ወጥቶ የአገሬውን ቁጥቋጦ እያፈነ ያስቸገረ ተክል መሆኑም የታወቀ ነው።

አውስትራሊያ ወደ 1,000 የሚጠጉ የአካሻ ዝርያዎች አሏት። አብዛኞቹ እሾህ ባይኖራቸውም በደረቁ አሸዋማ ሜዳዋ ላይ ከእኛ ቆንጥር ጋር የሚመሳሰሉ ትንንሽ እሾሃማ ቁጥቋጦዎችም አሉ። ለምሳሌ አካሻ ቪክቶሪዬ በቅጠሉ ግርጌ ጥንድ አጫጭር እሾህ ያለው ሲሆን ትንንሽ ወፎች ከአዳኝ ተሸሽገው ጎጆ ይሠሩበታል፤ ዘሩንም የአገሩ ነባር ሕዝቦች ቆልተውና ፈጭተው ይመገቡት ነበር። አካሻ ቴትራጎኖፊላ ደግሞ ቅጠሉ ራሱ እንደ መርፌ የሾለ ነው። እነዚህ ተክሎች በአገራቸው የሚሠሩት ሥራ ቆንጥር እዚህ የሚሠራውን ነው፤ አሸዋ ይይዛሉ፣ ዘርና አፈር ያጠራቅማሉ፣ ሣርን ከአፍ ይከልላሉ። እኛ ዘንድ ለዚሁ ሥራ የተፈጠረ ተክል እያለ ከባሕር ማዶ የምናመጣበት ምክንያት አይታየንም።

የስሙ ነገር በሳይንስም በኩል ተቀይሯል። እ.ኤ.አ. በ2005 በቪየና የተካሄደው ዓለም አቀፍ የዕፅዋት ጉባኤ «አካሻ» የሚለው ስም ለአውስትራሊያ ዝርያዎች እንዲቀር ወሰነ፤ በ2011 የሜልቦርኑ ጉባኤ ውሳኔውን አጸና። ስለዚህ በአዳዲስ ጽሑፎች ውስጥ አካሻ ሴኔጋል «ሴኔጋሊያ ሴኔጋል»፣ ደወኒ ግራር ደግሞ «ቫቼሊያ ቶርቲሊስ» ተብለው ይገኛሉ። በዚህ ደብዳቤ ላይ የቆየውን ስም የተጠቀምነው አሁንም የጣቢያ ሠራተኛው የሚያውቀው እሱን ስለሆነ ነው። ነገር ግን «አካሻ» ብሎ ብቻ የሚያዝ ሰው የአውስትራሊያውን ቢያገኝ ሊደነቅ አይገባም። በመዝገቡም፣ በችግኝ መደቡ ላይ በሚተከለው ታፔላም ሙሉ ስም ይጻፍ።

ቁጥቋጦው ጨርሶ በጠፋበት ቦታ ግን መትከል ግድ ነው። እዚህ ላይ ሥራው ከዘር ይጀምራል። የአካሻ ሴኔጋል ዛላ ስስ፣ ጠፍጣፋና እንደ ወረቀት የቀለለ ነው፤ ሲደርስ ከአረንጓዴ ወደ ገለባ ቀለም ይለወጥና ራሱ ይከፈታል። ዘሩ መሬት ከወደቀ በኋላ መልቀም ነቀዝ መልቀም ነው። ዛላው ቀለሙን ሲለውጥ፣ ሳይከፈት፣ ሸራ ከሥር አንጥፎ በረጅም እንጨት ማራገፍ ይሻላል። ከአንድ ቁጥቋጦ ብቻ አይለቀም፤ ተራርቀው ከቆሙ ቢያንስ ከ20 እስከ 30 ከሚሆኑ እናት ቁጥቋጦዎች ይሰብሰብ። ሁሉም የአንድ እናት ልጆች ከሆኑ አንድ በሽታ ወይም አንድ ድርቅ ሁሉንም ይወስዳል። በጥላ ሥር ለሁለት ሦስት ቀን አድርቆ፣ ወቅቶ፣ አንፍሶ ዘሩን በውኃ ውስጥ መጨመር ነው። የሚንሳፈፈውና ቀዳዳ ያለው ነቀዝ የበላው ነውና ይጣል፤ የሰመጠው በደንብ ደርቆ ከተጣራ አመድ ጋር ክዳኑ በሚገጥም ዕቃ ይቀመጥ።

ብዙ ጣቢያ የሚሳሳተው ቀጥሎ ባለው ላይ ነው። «የግራር ዘር የፈላ ውኃ ይፈልጋል» የሚል ልማድ አለ። ይህ ቆዳው እንደ ድንጋይ ለጠነከረው ለደወኒ ግራር ይሠራል፤ ለአካሻ ሴኔጋል ግን መግደያ ነው። የሴኔጋል ዘር ቆዳው ስስ ስለሆነ የፈላ ውኃ ውስጡን ይቀቅለዋል፤ ሠራተኛውም ዘሩ አልበቀለም ብሎ ዘሩን ይወቅሳል። አዲስ የተለቀመ የሴኔጋል ዘር ለብ እንኳ ባላለ ቀዝቃዛ ውኃ አንድ ሌሊት ተነክሮ ማደሩ ይበቃዋል። ጠዋት ያበጠው ይዘራል። ያላበጠው አሮጌ ዘር ከሆነ በጥፍር መቁረጫ ጫፉ፣ የዘሩ ዓይን ካለበት በተቃራኒው በኩል፣ ትንሽ ብቻ ተበጥቶ እንደገና ይነከር። ለደወኒ ግራርም ቢሆን ዘሩ ጥቂት ከሆነ ከፈላ ውኃ ይልቅ ይህ የጥፍር መቁረጫ ዘዴ አስተማማኝ ነው። የግድ በውኃ ከሆነም ውኃው ከፈላ በኋላ ከእሳት ወርዶ በዘሩ ላይ ይፈሰስና እስኪቀዘቅዝ ይተው፤ ዘሩ እሳት ላይ እያለ አይፍላ።

ለ1,000 ችግኝ በየፖቱ (ችግኝ በሚፈላበት የፕላስቲክ ከረጢት) ሁለት ሁለት ዘር ይዘራልና 2,000 ዘር፣ ለመጠባበቂያም 400 ቢጨመር መልካም ነው። የአፈሩ ድብልቅ ሦስት እጅ የአካባቢ አፈር፣ ሁለት እጅ አሸዋ፣ አንድ እጅ የበሰለ ፍግ ወይም ብስባሽ ይሁን። ከሦስቱ እጅ አፈር ጥቂቱ ከአሮጌ ቆንጥር ሥር የተቆፈረ ቢሆን ትልቅ ጥቅም አለው፤ ከሥሩ ጋር ተባብረው ከአየር ናይትሮጅን የሚያዘጋጁት ባክቴሪያዎች እዚያ አፈር ውስጥ ይኖራሉ። ያልበሰለ ፍግ ግን ሥሩን ያቃጥላል፣ ምስጥም ይጠራል። የፖቱ ቁመት ከ20 ሴንቲ ሜትር ባያንስ፣ ከተቻለ 25 ቢሆን ይመረጣል፤ የቆንጥር ዋና ሥር ከቅጠሉ ቀድሞ ወደ ታች የሚሮጥ ነውና አጭር ፖት ውስጥ ይጠማዘዛል። የተጠማዘዘ ሥር ያለው ችግኝ በጣቢያ ሲያዩት ያምራል፤ መስክ ላይ ግን ወደ ጥልቁ ርጥበት ሳይደርስ ይቀራል።

ዘሩ ከአንድ እስከ አንድ ተኩል ሴንቲ ሜትር ጥልቀት ይቀበር። በመጀመሪያዎቹ ሁለት ሦስት ሳምንታት ቀላል ጥላ ይደረግለትና ከዚያ ጥላው ይነሣ። ሁለቱም ከበቀሉ ደካማው በመቀስ ይቆረጥ፤ ሲነቀል የሌላውን ሥር ይጎዳል። ውኃ ጠዋት ወይም አመሻሽ ላይ፣ የአፈሩ ገጽ ሲደርቅ ብቻ ይጠጣ። ችግኙ ከአፈሩ አጠገብ ጠቁሮና ቀጥኖ ቢወድቅ ምክንያቱ ብዙውን ጊዜ የውኃ ብዛት ነው፤ ያኔ ውኃ መቀነስና አየር እንዲያገኝ ማራራቅ እንጂ ውኃ መጨመር አይገባም። ሥር ከፖቱ ሥር መውጣት ሲጀምር በየሁለት ሳምንቱ ፖቱን አንሥቶ የወጣውን ሥር መግረዝ ያስፈልጋል። ይህ ተረስቶ ሥሩ መደቡ ውስጥ ከገባ፣ በመጫኛው ቀን ሲነቀል ዋናው ሥር ተበጥሶ ይቀራል። ከመተከሉ ከሦስት እስከ አራት ሳምንት ቀድሞ ውኃው ቀስ በቀስ ይቀነስ፤ ችግኙ የመስኩን ፀሐይ ይለማመድ።

ችግኙ ለመድረስ ከሦስት እስከ አራት ወር ይፈጃል። የድሬዳዋ ዋናው ዝናብ ከሐምሌ እስከ መስከረም ስለሆነ መጋቢት አጋማሽ ላይ የተዘራ በሐምሌ አጋማሽ ይደርሳል። በግንቦት የተዘራ ግን የሚደርሰው ዝናቡ ሊያበቃ ሲል ነው። ከተማችን በዓመት በአማካይ 600 ሚሊ ሜትር ገደማ ዝናብ ብታገኝ ነው፤ ሜዳው ወደ ሰሜን ዝቅ እያለ ሲሄድ ደግሞ እየቀነሰ ይሄዳል። በዚህ መሬት ላይ በጳጉሜን የተተከለ ችግኝ ሥር ሳይሰድ በጋ ይደርስበታል። ሁለት ጥሩ ዝናብ ጥሎ አፈሩ ክንድ ያህል ከራሰ በኋላ ወዲያው መትከል ነው።

ጉድጓዱ 40 በ40 በ40 ሴንቲ ሜትር ሆኖ ቀደም ብሎ ይቆፈር። ዙሪያው በግማሽ ጨረቃ ቅርጽ ውኃ የሚይዝ የአፈር ክትር ይሠራ፤ አፉ ወደ ተዳፋቱ የላይኛው ክፍል ተከፍቶ፣ ከዳር እስከ ዳር 3 ሜትር፣ የክትሩ ከፍታ 30 ሴንቲ ሜትር ይሁን። የሁለቱ ጫፎች ከፍታ እኩል ካልሆነ ውኃው በዝቅተኛው በኩል ሰብሮ ይወጣል፤ ውኃ በተሞላ ቱቦ ወይም በገመድ መለካት የሚያስፈልገው ለዚህ ነው። በቦታው ላይ አንድም ቆንጥር ካለ ግማሽ ጨረቃው እሱን ከልሎ ይሠራ እንጂ እሱ ለግማሽ ጨረቃው አይቆረጥ። ርቀቱ 5 በ5 ሜትር ከሆነ በሄክታር 400 ችግኝ ይገባል። ፕላስቲኩ ሙሉ በሙሉ ይቀደድና ይሰብሰብ፤ ከሥር ያለው የተጠቀለለ ሥር በአንድ ጣት ስፋት በምላጭ ይቆረጥ። ከፕላስቲኩ ጋር የሚቀበር ችግኝ አሁንም እንደሚታይ ስናስብ ያንገበግበናል፤ የሦስት ወር ድካም የሦስት ሰከንድ ሥራ በመዝለል ይበላሻል። አፈሩ በእግር ሳይሆን በእጅ ይጠቅጠቅና ከላይ ድንጋይ ይልበስ፤ ድንጋዩ ርጥበት ይይዛል፣ አሸዋ እንዳይቀብረውም ይረዳል።

የመጀመሪያው በጋ ወሳኙ ነው። በየሁለት ሳምንቱ ለአንድ ችግኝ 5 ሊትር ቢሰጠው ለአንድ ሄክታር የሚበቃው አንድ የ2,000 ሊትር ሮቶ ነው። በአናት ከማፍሰስ ይልቅ ሥሩ የተበሳ ሃይላንድ በጎኑ ቀብሮ በእሱ መሙላት ውኃውን ወደ ጥልቁ ይወስደዋል፤ ሥሩም ተከትሎት ይወርዳል። በየቀኑ ጥቂት ጥቂት ማጠጣት ሥሩን ወደ ላይ ይጠራዋልና ከጥቅሙ ጉዳቱ ይበልጣል።

አጥሩን በተመለከተ አንድ ከባድ ማስጠንቀቂያ አለን። ብዙ ሰው ለአጥር የሚቆርጠው ፕሮሶፒስ የተባለውን መጤ ወራሪ እሾሃማ ተክል ነው። ይህ ተክል በእ.ኤ.አ. 1970ዎቹ መጨረሻ ወደ አገራችን ሲገባ ከመጀመሪያዎቹ ችግኝ ጣቢያዎች አንዱ እዚሁ ድሬዳዋ ጎሮ እንደነበር በጥናቶች ተጽፏል፤ ያኔም የተተከለው ለበጎ ታስቦ ነበር። ከቆንጥር የሚለየው እሾሁ ጥንድና ቀጥ ያለ በመሆኑ፣ በበጋም አረንጓዴ ሆኖ በመቆየቱ፣ ዛላውም ወፍራም፣ ቢጫ፣ ጣፋጭና የማይከፈት በመሆኑ ነው። ፍየልና ግመል ዛላውን ይበላሉ፤ ዘሩ ሆዳቸውን አልፎ በበጠጥ ውስጥ ይበቅላል። ስለዚህ ዛላ ያለበት የፕሮሶፒስ ቅርንጫፍ ለችግኝ አጥር ማዋል ዘር መዝራት ማለት ነው። ደርቆ ዛላው የረገፈ ቅርንጫፍ ብቻ ይወሰድ፤ ሲታጠርም ግንዱ ወደ ውስጥ፣ እሾሁ ወደ ውጭ ይሁን። ዛላውን ለመኖ የሚጠቀም ሰው ፈጭቶ ይስጥ፤ ሳይፈጭ የበላ ከብት ወደተከለለው ቦታ ከመግባቱ በፊት ቢያንስ አንድ ሳምንት ውጭ ይቆይ። ተክሉን ከመሬት በላይ መቁረጥ ማባዛት ነው፤ ቡቃያ የሚሰጠው የሥሩ አንገት እስኪወጣ ድረስ ቢያንስ 10 ሴንቲ ሜትር ከመሬት በታች ተቆፍሮ መቆረጥ አለበት። ክረምት ላይ አፈሩ ሲርስ ትንንሹ በእጅ ይነቀላል።

ስለ ጎርፍም አንድ ነገር ማለት ይገባል፤ የ1998 ዓ.ም. የደቻቱ ወንዝ ጎርፍ ከ250 በላይ ሰው መቅጠፉን የረሳ የለምና። በሜዳው ላይ ያለ ቆንጥር ያን መሰል ጎርፍ አያቆምም፤ የሚያቆም የሚመስላቸው ካሉ ተሳስተዋል። የጎርፉ ጉዳይ የሚወሰነው በደንገጎና ከዚያ በላይ ባሉት ተራሮች ላይ በሚሠራው የእርከንና የክትር ሥራ ነው። ቆንጥሩ የሚሠራው የወንዙን ዳርና የታችኛውን ሜዳ አፈር ይዞ ማቆየት፣ ንፋስ የሚያነሣውን አሸዋ ማሳረፍ ነው። እያንዳንዱ በየቦታው ይታሰብ።

የተከላውን ውጤት የሚቆጥሩ ሰዎችም የሚቆጥሩበትን ወር ያስተካክሉ። በመስከረም የሚቆጠር ችግኝ ሁሉ አረንጓዴ ነው። ቆጠራው በጥር አንድ ጊዜ፣ በሰኔ መጀመሪያ ደግሞ ሌላ ጊዜ ይደረግ። ቅጠሉን ያራገፈ ቆንጥር እንደ ሞተ እንዳይመዘገብ በጥፍር ትንሽ ልጦ ማየት ያስፈልጋል፤ ከልጡ ሥር አረንጓዴ ከታየ በሕይወት አለ። በቅጹም ላይ ከ«የተተከለ» እና «የጸደቀ» ጎን «በቦታው የነበረና የተጠበቀ ቁጥቋጦ» የሚል ሦስተኛ ዓምድ ይጨመርበት።

በደረቅ አካባቢ ችግኝ ልማትና ተፋሰስ ሥራ ላይ ያለን ባለሙያዎች
ድሬዳዋ